ከሰባራ አቀበት የመጣው ፕሬዚዳንት

አንድ ጊዜ ከቆላው የጨው ሜዳ እስከ ደጋው ግጦሽ ጨው የሚያመላልሱ አህዮች ነበሩ። የአገሩ ንጉሥ አንበሳ ነበር። ሣር የሚበላ ሁሉ ጨው ሳይልስ አይከርምምና በሬውም ላሟም ፍየሉም ወደ አንበሳው ግቢ እየመጣ፣ እጅ እየነሣ፣ ድርሻውን ልሶ ይመለሳል። ጨውን እስከ ግቢው የሚያደርሱት አህዮቹ ናቸው። ዝንጀሮዎች ከሜዳው አሞሌ የሚባለውን የጨው ጡብ ይቆርጡና በአህዮቹ ጀርባ ላይ በመጫኛ ጠፍረው ያስሩላቸዋል። አህዮቹ ሰባራ አቀበት የሚባለውን ጠባብ የገደል መንገድ ይወጣሉ፣ ከላይ ያራግፋሉ፣ ይመለሳሉ።

ከእነዚህ አህዮች አንዱ ዳለቻ ይባል ነበር። የተወለደው መንገድ ላይ ነው። እናቱ አቀበቱ ላይ እንደተጫነች ወድቃ ቀረች፤ ዝንጀሮዎቹ ጭነቷን ለሁለት ከፍለው ግማሹን እሱ ላይ ጫኑት። ያኔ ሁለት ዓመቱ ነበር። ስለዚህ ነገር ለማንም አውርቶ አያውቅም። አሥር ዓመት ሲሞላው ጀርባው ላይ ሦስት ገጣባ ነበረው፤ ሁለቱ የደረቁ፣ አንዱ የማይደርቅ።

የአንድ አህያ ጭነት አሥራ ስድስት አሞሌ ነበር። ከአቀበቱ እኩሌታ ላይ አንድ ትልቅ ሾላ አለ። እዚያ ሲደርሱ ጭነቱ ይወርድላቸዋል፤ አፈር ላይ ይንከባለላሉ፣ ትንፋሻቸውን ይሰበስባሉ፣ እንደገና ተጭነው ይወጣሉ። አንድ ቀን የንጉሡ ጸሐፊ ቀበሮ ወደ ጨው ሜዳው ወረደና ድምፁን ጠረገ።

«ከዛሬ ጀምሮ ጭነቱ ሃያ አሞሌ ነው። ሾላው ሥር ማራገፍም ቀርቷል።»

«ለምን ቀረ?» አለች ቡሊት። ቡሊት የዳለቻ እኩያ ናት፤ ምላሷ የማያርፍ አህያ።

«ጊዜ ይፈጃል።»

«የማን ጊዜ?»

«የመንግሥት።»

«መንግሥት ይህን አቀበት ወጥቶት ያውቃል እንዴ?»

ቀበሮ ዞሮ ወደ ግቢው ወጣ።  ዳለቻ ሃያ አሞሌ ተጫነ፤ ከፊት ሆኖ መውጣት ጀመረ። ሾላው ሥር ሲደርስ ግን ጉልበቱን አጠፈና ከነጭነቱ መንገዱ ላይ ተኛ።

የዝንጀሮዎቹ አለቃ እየሮጠ መጣ። «ተነሥ እንጂ! ደከመህ እንዴ?»

«አልደከመኝም።»

«ታዲያ ምን ሆነሃል?»

«ተኝቻለሁ።»

አህያ ከነጭነቱ ከተኛ ጭነቱ ካልተፈታ አይነሣም። መንገዱ ደግሞ ለአንድ አህያ ብቻ የሚበቃ ነው። ከኋላው ቡሊት ተኛች፤ ከእሷ ኋላ ሐመሬ የሚባለው ተኛ፤ እንዲህ እያለ እስከ ታች ድረስ አርባ አህያ ከነጨዉ መንገዱን ዘጋ።

አንበሳው ይህን ሲሰማ ጅቡን ላከ። ጅቡ ምራቁን እየዋጠ ሾላው ሥር ደረሰ።

«አያ ጅቦ፣ ልትበላኝ ነው የመጣኸው?» አለው ዳለቻ።

«አዎ፣ ታዝዤ ነው» አለ ጅቡ በኩራት።

«ብላኝ። ግን ጌታህ ‹አህያው የት አለ?› ቢልህ ምን ትላለህ?»

«በላሁት እላለሁ።»

«‹ጨዉስ?› ቢልህ?»

ጅቡ አሰበ። ብዙ አሰበ። «እሱንም በላሁት እላለሁ።»

«ጌታህ ውሸት አይወድም።»

«እውነትህን ነው» አለ ጅቡ። «እንግዲያው ጨዉን አስቀድሜ ልብላው።» ከአንዱ አሞሌ ላይ ትልቅ ጉርሻ ገምጦ ዋጠ። ዓይኑ ፈጠጠ። ከዚያ ቁልቁል ወደ ወንዙ መሮጥ ጀመረ፤ እስከ ማግስቱም ውኃው ዳር ነበር።

በሰባተኛው ቀን ግቢው ውስጥ ጨው አለቀ። ጨው የሌለበት ግቢ ማንም እጅ ሊነሣ አልመጣም። አንበሳው በራሱ እግር ወረደ። ከዚያ በፊት አቀበቱን አይቶት አያውቅም ነበር።

«እናንተ ሁልጊዜ ከበደን ነው የምትሉት» አለ። «አህያ ምን ያህል እንደሚችል እኔ በምን አውቃለሁ?»

«በእኔ ጀርባ ለካ» አለ ዳለቻ።

የሌሎቹን ጭነት ፈትተው መንገዱን አስለቀቁና ከታች ጀምሮ ሃያ ጫኑት፤ ሾላውን ጥቂት እንዳለፈ ተንበረከከ። ወደ አሥራ ስምንት ዝቅ አደረጉለት፤ አናቱ ሊደርስ ጥቂት ሲቀረው ተንበረከከ። አሥራ ስድስቱን ግን ሾላው ሥር አርፎ ወጣበት። አንበሳው እያለከለከ ከኋላ ከኋላው ነበርና ሁሉንም በዓይኑ አየ። እሺ አለ።

አህዮቹም በዚያው ቀን የተሸካሚዎች ማኅበር አቋቋሙ፣ ዳለቻን መሪ አደረጉ፣ አንድ ልማድም ደነገጉ። በየዓመቱ መስከረም ሲጠባ ከሁሉ በፊት መሪው ይጫናል። መሪው ሳይንበረከክ ያወጣውን ያህል ሁሉም ይጫናል፤ መሪው ያልቻለውን ማንም አይጫንም።

ከዚያ ወዲያ አንበሳው እንደ ቀድሞው አልሆነም። አንዴ እሺ ብሏልና ሁሉም ይጠይቀው ጀመር። ፍየሎቹ የቁጥቋጦውን መንገድ ጠየቁ፣ በሬዎቹ የወንዙን ዳር። ጥርሱም እያለቀ ነበር። አንድ ክረምት ወደ ዋሻው ገባና በዚያው ቀረ። ነብር፣ የእህቱ ልጅ፣ ዙፋኑ የእኔ ነው አለ።

ቀበሮ ነፋሱ ወዴት እንደዞረ ቀድሞ ያውቃል። እንስሳቱን ሰበሰበ። «ንጉሥ ይብቃን። ፕሬዚዳንት እንምረጥ» አለ።

«ፕሬዚዳንት ደግሞ ምንድን ነው?» አለ አንድ ሽማግሌ በሬ።

«ከኋላው ተሰልፈን የምናስቀምጠው ነው። በአራተኛው ዓመት እንደገና እንሰለፋለን።»

«ካልወደድነውስ?»

«ሌላው ጋ ትሰለፋለህ።»

በሬው ይህን ወደደው። ነብር አንድ ጉብታ ላይ ቆመ፣ ዳለቻ ሌላ ጉብታ ላይ። ከነብሩ ኋላ ጥቂት ተኩላዎች ቆሙ። ከዳለቻ ኋላ ግን ሰልፉ ወንዙን ተሻግሮ ሄደ። በመካከሉ ጅቡ ታየ።

«አንተ ደግሞ እዚህ ምን ትሠራለህ?» ብለው ጮኹበት።

«ከልጅነቴ ጀምሮ ከአህያ ኋላ ነው የምሄደው» አለ ጅቡ ቅር ብሎት።

ዳለቻ ፕሬዚዳንት ሆነ። አህዮቹ ሊሰናበቱት ሲመጡ ቡሊት ወደ ጎን ወሰደችው።

«የማኅበሩን መሪነት ለሌላ ልቀቅ።»

«ለምን? ከእናንተ መለየት አልፈልግም።»

«መለየትማ ተለይተሃል።»

«ስሜ እናንተ ጋ ይቆይ» አለ። እውነቱን ነበር። ፕሬዚዳንትነቱ ከጭነት ሥር ጀርባ ላይ እንደሚደረግ አዲስ ኩርታን ይቆረቁረው ነበርና ማኅበሩን መልቀቅ አልቻለም። ቡሊትም አልተከራከረችም። በዚያ ቀን ማንም ሊከራከረው አልፈለገም።

መጀመሪያ ላይ ብዙ ነገር ሠራ። ጨው ለመላስ እጅ መንሣት ቀረ። ያረገዘች አህያ አትጫንም ተባለ። በቁልቁለቱም በኩል ማረፊያ ተበጀ። ጅቡን ከግቢ ሊያባርረው ፈልጎ ነበር፤ ቀበሮ ግን «ውጭ ከሚዞር እዚህ ብናየው ይሻላል» አለውና የግቢው ዘበኛ ሆኖ ቀረ። ቀበሮም ጸሐፊ ሆኖ ቀረ፤ ሌላ መጻፍ የሚችል አልነበረም።

ለዳለቻ ጠዋት ገብስ ይቀርብለታል፣ ከሰዓት ገብስ ይቀርብለታል። የሚተኛው ጭድ ላይ ነው። በሁለተኛው ዓመት የማይደርቀው ገጣባ ደረቀ። በሦስተኛው ዓመት ፀጉር አበቀለበት። እሱ ግን ገጣባው ያለ ይመስል አሁንም የሚተኛው በአንድ ጎኑ ብቻ ነበር።

በዚያ ዓመት ዝናቡ ሰመረ፣ ከብቱ ረባ። ሽማግሌው በሬ ጓደኞቹን አስከትሎ መጣ።

«ክቡር ፕሬዚዳንት፣ ጨዉ አልበቃንም። ጥጆቻችን ድንጋይ እየላሱ ነው። ሦስቱ ሞቱብን።»

ዳለቻ የሞቱትን ጥጆች ሄዶ አየ። ሲመለስ ቀበሮውን አስጠራ።

«አህያ መጨመር አንችልም» አለ ቀበሮ። «አሞሌ መጨመር ግን እንችላለን። ሃያ ቢሆን ጥጆቹ ይተርፋሉ።»

«ያለ ልማዱ አይሆንም። መጀመሪያ እኔ መጫን አለብኝ።»

«እኔም እሱን ልል ነበር» አለ ቀበሮ።

መስከረም ጠባ። ዳለቻ ወደ ጨው ሜዳው ወረደ፤ ዝንጀሮዎቹ ሃያ አሞሌ ጫኑት። መጫኛው ሲጠብቅ የሆዱ ቆዳ ቀዝቃዛውን ጠፍር አወቀው። መውጣት ጀመረ። ሁለተኛውን መታጠፊያ አለፈ። ሾላው ሥር ሲደርስ ማረፍ አላስፈለገውም፤ ቀጠለ። ጉልበቱ እንደ ወጣትነቱ ነበር። እንዲያውም በወጣትነቱ እንዲህ ሆኖለት አያውቅም። አናቱ ላይ ሲደርስ ጆሮውን አቁሞ ዞረ። አህዮቹ ከታች ሆነው ያዩት ነበር። 

ሲወርድ ቡሊት መንገዱ ላይ ቆማ ጠበቀችው።

«ነገስ?» አለችው።

«ነገ ስብሰባ አለኝ።»

ከኋላ አንድ አህያ ሳቀ። ሌሎቹ አልተከተሉትም። ሃያው አሞሌም ሕግ ሆነ።

በአርባኛው ቀን ቀበሮ የዕለቱን ጉዳይ እያነበበለት ነበር። የወንዙ ድልድይ፣ የፍየሎቹ አቤቱታ፣ «...ሐመሬ የሚባል አህያ ሁለተኛው መታጠፊያ ላይ ሞቷል፤ የነብር የይቅርታ ደብዳቤ...»

«ቆይ» አለ ዳለቻ። «ማን ሞተ አልክ?»

«ሐመሬ። ትናንት ነው። በዚሁ ምክንያት ሌሎቹ ተኝተዋል።»

«የት?»

«ሾላው ሥር፣ ክቡር ፕሬዚዳንት።»

ዳለቻ ወረደ። ቀበሮም ጅቡም ተከተሉት። አርባ የሚሆኑ አህዮች ከነጭነታቸው መንገዱን ዘግተው ተኝተዋል። ከፊት ያለችው ቡሊት ናት።

«ቡሊት፣ ተነሺ። ጥጆች እየሞቱ ነው።»

«ሐመሬም ሞተ።»

«ሰምቻለሁ።»

«ከማን ሰማህ?»

ዳለቻ ቀበሮውን ላለማየት ወደ ገደሉ ዞረ። «ይህን ጭነት ዓይናችሁ እያየ እኔ ራሴ አውጥቼዋለሁ» አለ።

«አውጥተሃል። አንድ ቀን።»

«ልማዱ አንድ ቀን ነው የሚለው። አብረን ነው የደነገግነው።»

«ስንደነግገው ጀርባህ የእኛ ጀርባ ነበር። እስቲ አሁን ዞር በልና አሳየን።»

ዞረ። ጀርባው ላይ የሚታይ ነገር አልነበረም፤ ከአንገት እስከ ጭራ ፀጉሩ ያበራል።

«ፈረስ መስለሃል እኮ፣ ወንድሜ!» አለ አንዱ ከሰልፉ ውስጥ። በዚህ ጊዜ ብዙዎቹ ሳቁ።

ቀበሮ ወደ ጆሮው ተጠጋ። «ክቡር ፕሬዚዳንት፣ እየሳቁብዎት ነው። ነገ በሬዎቹ ይሰማሉ። አንዱን ብቻ... ሌሎቹ ራሳቸው ይነሣሉ። ለጥጆቹ ሲባል።»

ዳለቻ የሞቱትን ጥጆች አሰበ። ለእነሱ ሲል ነው የመጣው፤ ይህም እውነት ነበር። አርባ አህያ አንድ ቢጎድልበት ሠላሳ ዘጠኝ ነው። ሠላሳ ዘጠኙ ይነሣሉ፣ ጨዉ ይደርሳል፣ ማንም ከእሱ አፍ ትእዛዝ አልሰማም ይባላል። እሺ ለማለት አፉን ከፈተ።

«የቱን?» አለ ጅቡ። ይህን ሲል ቡሊትን እያየ ነበር። ከአፉ ምራቅ ጠብ አለ።

ዳለቻ አፉን ዘጋ። 

«አያ ጅቦ፣ ወደ ግቢ ተመለስ።»

«ምሳዬስ?»

«ግቢ አለልህ። ሂድ።»

ጅቡ እያጉረመረመ ሄደ። ዳለቻ ወደ ዝንጀሮዎቹ ዞረ። «ጫኑኝ» አለ። «ዛሬም፣ ነገም፣ ከነገ ወዲያም። ገብስ አታምጡልኝ። እነሱ የሚበሉትን እበላለሁ።»

የተኙት ጭነታቸው ተፈታላቸውና መንገዱን ለቀቁለት፤ በመጀመሪያው ቀን ሃያውን ከታች ጀምሮ ሾላው ሥር ሳያርፍ አወጣው። በሁለተኛው ቀን ሾላው ሥር አረፈ፤ ሲወጣ እግሩ ይንቀጠቀጥ ነበር፤ ሲያራግፉት ከኩርታኑ ሥር ፀጉሩ ተነሥቶ ቀይ ሥጋ ታየ። የድሮው ገጣባ ቦታውን አልረሳም። በሦስተኛው ቀን ሁለተኛው መታጠፊያ ላይ፣ ሐመሬ ከወደቀበት ትንሽ ዝቅ ብሎ፣ ተንበረከከ። ሊነሣ ሞከረ። እንደገና ሞከረ። ማንም አልሳቀም።

«ፍቱት» አለች ቡሊት።

ጭነቱ ሲወርድለት ጎኑ ላይ ተጋደመና ትንፋሹ እስኪመለስ ጠበቁት።

«ወደ አሥራ ስድስት ይመለስ» አለ።

«እሱን እኛ እንወስናለን። በአንተም ጀርባ አይለካም።»

«በማን ይለካ?»

«በዚያ ዓመት ከመካከላችን በደከመው።»

ዳለቻ ሰልፉን አየ። አንድ ዓይና አሮጊት ነበረች፤ አንድ እግሩን የሚያነክስ ነበር። «በደከመው ከለካችሁ ከአሥራ ሁለት አያልፍም» አለ። «አሥራ ሁለት ለጥጆቹ አይበቃም። የቀረውን በሬዎቹ ራሳቸው እስከ ጨው ሜዳው ወርደው ይውሰዱ ማለት አለብኝ። በሬዎቹ እኔ ጋ አይሰለፉም።»

«አይሰለፉም» አለች ቡሊት።

 

«ጻፍ» አለው ዳለቻ ቀበሮውን።

«ክቡር ፕሬዚዳንት፣ ምርጫው ሊደርስ ነው። ከምርጫው በኋላ ቢሆን...»

«ጻፍ አልኩህ። መለኪያው የማኅበሩ ነው፤ የፕሬዚዳንት አይደለም። የማኅበሩ መሪም ቡሊት ናት።»

ቀበሮ ጻፈ። ዳለቻ ኮቴውን ጭቃ ውስጥ ነክሮ ጽሑፉ ላይ አተመ።

በሬዎቹ ተቆጡ። «እኛ አራሾች ነን እንጂ ተሸካሚ አይደለንም!» አሉ። ጥጆቻቸው ግን ድንጋይ እየላሱ ነበርና እስከ ጨው ሜዳው ወርደው ወሰዱ። ጥጆቹ ተረፉ። በሬዎቹ ግን ያንን አቀበት አልረሱለትም።

ምርጫው ሲደርስ በቅሎ ተወዳደረች። «አባቴ አህያ ነው፤ የሸክምን ነገር እኔ አውቃለሁ» ብላ ተናገረች። ሁሉም ተገረመ፤ እስከዚያ ቀን ስለ እናቷ እንጂ ስለ አባቷ ስታወራ የሰማት አልነበረም። በሬዎቹ ከእሷ ኋላ ተሰለፉ። ላሞቹ ተከተሉ። ጅቡ ትንሽ አመነታና እሷም ግማሽ አህያ ናት ብሎ ወደዚያው ሄደ። ዳለቻ ተሸነፈ።

ከግቢው ሲወጣ የሸኘው አልነበረም። አቀበቱን ወርዶ ጨው ሜዳው ደረሰ። ሰልፉን የሚቆጣጠረው ዝንጀሮ አዲስ ነበር።

«ስም?»

«ዳለቻ።»

«የቱ ዳለቻ?»

«የሰባራ አቀበቱ።»

«እዚህ ያለ ሁሉ የሰባራ አቀበት ነው። ተሰለፍ።»

ተሰለፈ።

መስከረም ሲጠባ በቅሎዋ ቀበሮውን አስከትላ መጣች። ደረቷን ነፍታ ሰልፉ ፊት ቆመች። «ልማዳችሁን አውቃለሁ፣ አከብራለሁም። ሃያ አምስት ጫኑኝ!»

«ክብርት ፕሬዚዳንት፣ እርስዎ አረፍ ይበሉ» አለች ቡሊት። «ልማዱ ተለውጧል።»

«ማን ለወጠው?»

ሁሉም ቀበሮውን አዩት። ቀበሮ ጆሮውን አከከ። «ተጽፏል፣ ክብርት ፕሬዚዳንት። ኮቴም አለበት።»

«ሰርዘው!»

ከሰልፉ ፊት አንድ አህያ የፊት ጉልበቱን አጠፈ። ቀጥሎ ያለው አጠፈ። ዳለቻ ከፊት ሰባተኛው ነበር፤ ተራው ሲደርስ እሱም አጠፈ። በቅሎዋ ሰልፉን እስከ መጨረሻው አየችው። ረጅም ነበር።

«ይቅር» አለች። «ይቅር፣ አትሰርዝ።»

አህዮቹ ተነሡ። አንድ ዓይናዋ አሮጊት በዝግታ ወደ ፊት ወጣች። ዝንጀሮዎቹ አንድ በአንድ ጫኑባትና አቀበቱን አስጀመሯት፤ ሁሉም ቆመው ጠበቁ። ፀሐይ ዘቅዘቅ ስትል ከአናቱ ላይ ድምፅ መጣ።

«አሥራ ሁለት!»

ዳለቻም አሥራ ሁለት ተጭኖ ከሌሎቹ ጋር ወጣ።

ከዚህ የምንማረው ከሸክም ተነሥቶ ለሥልጣን የበቃ መሪ ስለ ሸክም ያለው ዕውቀት ሸክሙን ካወረደበት ቀን ጀምሮ እያረጀ እንደሚሄድ፣ ሥራው ከእሱ በኋላ ጸንቶ የሚኖረውም መለኪያውን ዛሬ ለሚሸከመው ትቶለት ከሄደ ብቻ መሆኑን ነው።